ከካሴቱ የተቆረጠው ትንፋሽ

የሚያውቀው ሰው ሁሉ ምላጭ ይለዋል። ስለቱ ምላሱ ላይ ያለ እንዳይመስላችሁ፤ እንዲያውም ዝምተኛ ሰው ነው። ስሙ የወጣለት በጉልምስናው፣ አንድ ጠባብ ስቱዲዮ ውስጥ ድምፅ የተቀዳበትን የቴፕ ክር በምላጭ እየቆረጠ በፕላስተር ሲቀጥል በኖረባቸው ዓመታት ነው። በኋላ ኮምፒውተር መጣና ያንን ሥራ ወሰደው። ምላጭ አላማረረም። የሚኖርበት ፎቅ ምድር ቤት አራት እርምጃ የምትሞላ ክፍል ያዘና የፈነዱ ስፒከሮችን መጠገን ጀመረ። ሚስቱ ከላይ በቤታቸው መስኮት ሥር የተማሪ ዩኒፎርም ትሰፋለች። አንዲት ሴት ልጅ አሳድገው ለሥራ አብቅተዋል። ሲጸልይ ልመናው አጭር ነው፣ ምስጋናው ግን ይረዝማል፤ ሚስቱ "ፈጣሪም እኮ ሌላ ሥራ አለው" እያለች ትስቅበታለች።

ስቱዲዮው ቢዘጋም ጆሮው አልተዘጋም። ከሱቁ በላይ ያለው ደረጃ ሃያ ሁለት እርከን አለው፤ ማን እንደወጣ ቀና ሳይል ያውቃል። ጡረተኛው ጎረቤት ጫማውን ይጎትታል። የሦስተኛ ፎቋ አስተማሪ በየእርከኑ አንድ ነገር ታጉተመትማለች። ልጁ ደግሞ ሁለት ሁለቱን እየዘለለች፣ እያፏጨች ነበር የምትወጣው።

ነበር። ከጥቂት ወራት ወዲህ ፉጨቱ ጠፍቷል። ልጅቷ አሥራ አንደኛው እርከን ላይ ስትደርስ ቆም ትላለች፤ ቁልፍ ሲንቀጫቀጭ ይሰማል፤ ከዚያ ትቀጥላለች። ቁልፍ እየፈለገች ነው ይላል ምላጭ ለራሱ። ቁልፏን ግን ከልጅነቷ ጀምሮ በገመድ አንገቷ ላይ ነው የምታንጠለጥለው። የምትፈልገው ነገር አልነበረም። ምላጭ ይህን ሰማ፣ ሰምቶም ስፒከሩን መጠገኑን ቀጠለ። ጆሮ የሰማውን ሁሉ ልብ ቶሎ አይቀበልም።

ልጅቷ ሃያ ስድስት ዓመቷ ነው። የምትሠራው ለኩሽና የሚሆን ድንጋይ የሚቆረጥበት ቤት ውስጥ ነው፤ የዕቃ ማጠቢያው የሚገባበትን ቀዳዳ ታወጣለች፣ ጠርዙን ታለሰልሳለች። እጇ ቀጥ ያለ ስለሆነ በአንድ ዓመት ተኩል ውስጥ ወንዶቹን በልጣ በመጪው ወር የመቁረጫ ክፍሉ አለቃ ልትሆን ነው። ስትመጣ ከጫማዋ እስከ ቅንድቧ ነጭ ናት። እናቷ በረንዳ ላይ አቁማ ጃኬቷን በመጥረጊያ እጀታ እየደበደበች "አንቺ፣ ድንጋይ ቤት ነው የምትሠሪው ወይስ ወፍጮ ቤት?" ትላታለች።

"ወፍጮ ቤት ብሆንማ ዱቄት ይዤልሽ እመጣ ነበር።"

እናትና ልጅ ይሳሳቃሉ። ልጅቷ ከሳቋ በኋላ ትንሽ ታስላለች። አቧራው ነው ይባላል፤ እውነትም አቧራው ነበር።

አንድ ማክሰኞ ረፋድ ላይ አንዲት ሴት ሱቁ በር ላይ ቆመች።

"ምላጭ የሚባሉት እርስዎ ነዎት ጋሼ?"

"ነበርኩ። አሁንስ ደንዝዣለሁ።"

ሴትየዋ ሳቀችና የተጋለበጠ የስፒከር ሣጥን ላይ ተቀመጠች። ሬዲዮ ጣቢያ ነው የምትሠራው፤ የተረሱ አልበሞችን እንደገና እያደመጠች የምትናገርበት ፕሮግራም አላት። የመጣችውም ስለ ጥንድ በሬ ልትጠይቀው ነው።

ጥንድ በሬ የሁለት ሰዎች የራፕ ቡድን ነበር። አንደኛው ጥይት ይባላል፤ አሥራ ስድስት ስንኝ በአንድ ትንፋሽ ሲያወርድ አፉን የሚከተል ዓይን ይደክም ነበር። ሁለተኛው አጎቴ ይባላል፤ ድምፁ ወፍራምና ዝግ ያለ፣ ገና በሃያ ዓመቱ ሰውን ሁሉ እንደ አጎት የሚመክር ስለነበር ነው ስሙ የወጣለት። ሁለቱን አልበሞቻቸውን ከፀጉር ቤት እስከ ታክሲ ያልከፈተ አልነበረም። ሦስተኛውና የመጨረሻው "ፈር" የተባለው ግን ወጥቶ ወደቀ።

"ለምን ወደቀ የሚለውን ነው የምሠራው" አለች ሴትየዋ።

"ምን ይሠራል ልጄ፣ ሬሳ ነው። የገነዝኩትም እኔ ነኝ።"

"ያኔ የተባለውን አንብቤያለሁ። ጥይት ሰነፈ፣ ስንኙ አጠረ ብለዋል። አጎቴ ደግሞ ከአፉ እየነጠቀ ይጨርስበታል፣ አላናግር ብሎታል ብለዋል። ሁለት ማሽን የሚያወሩ ይመስላል ያለም አለ። አንዱ ጋዜጣማ 'በሬዎቹ ፈር ለቀቁ' ብሎ ቀልዷል። እርስዎስ?"

"እኔም እንደ ሰዉ ነው የምለው። የኔ ሥራ ንጹሕ ነበር፤ እነሱ ደከሙ።"

"ካሴቱን የሰማሁት አሥራ ሦስት ዓመቴ ላይ ነው" አለች ሴትየዋ። "አስፈራኝ። አልጋ ሥር ደበቅኩት። ምኑ እንዳስፈራኝ ይኸው ሃያ አራት ዓመት አላወቅኩም። ዋናው ክር እርስዎ ጋ ካለ ልሰማው ብዬ ነው።"

ምላጭ እፈልጋለሁ አላት። ስትወጣ ደረጃው ሥር ልጁን አገኘቻት መሰል፣ "ይቅርታ፣ እለፊ" ሲባባሉ ሰማ። የልጅቷ ዕረፍት ቀን ነበር። ከዚያም እርምጃ፣ አሥራ አንድ፤ ቁልፍ።

ከስቱዲዮው ያተረፈው ሣጥን ከመሥሪያ ጠረጴዛው ሥር ነበር። ውስጡ ሁለት ጥቅል ክርና አንድ የተማሪ ደብተር አለ። ጥቅሎቹ ላይ የተለጠፈው ወረቀት ደርቆ ረግፏል። ምላጭ አንዱን አንሥቶ አቧራውን እፍ ብሎ በአሮጌው ቴፕ ላይ ጠመጠመውና ከፈተው። ዋናው መስሎት ነበር፤ አልነበረም።

እዚህ ላይ ያኔ እንዴት ይሠራ እንደነበር መናገር ያስፈልጋል። በዚያ ስቱዲዮ ድምፅ ለብቻው ይቀዳል፣ በኋላ ነው ከምቱ ጋር የሚዋሃደው። ምላጭ ደግሞ ትንፋሽ አይወድም። ዘማሪም ይሁን ዜና አንባቢ በየዐረፍተ ነገሩ መሃል አየር ሲስብ የሚሰማው ድምፅ ለእሱ ቆሻሻ ነበር። ስለዚህ ክሩን ይቆርጥና ትንፋሹ ያለበትን ቁራጭ ያወጣል፤ በማስመሪያ ለክቶ በዚያው ልክ ባዶ ክር ይተካበታል፤ ምቱ እንዳይዛነፍ። ልኩን በሴንቲ ሜትር ደብተሩ ላይ ይጽፋል። ክር እንደ ልብ የማይገኝበት ጊዜ ስለነበር የተቆረጠውን አይጥልም፤ አንዱን ካንዱ እየቀጠለ በሌላ ጥቅል ላይ ያከማቻል፣ በኋላ አጥፍቶ ሊቀዳበት። ያንን ጥቅል ጥራጊ ይለው ነበር። የፈርን ጥራጊ ግን ሳያጠፋው ስቱዲዮው ተዘጋ።

አሁን የሚሰማው ጥራጊውን፣ የጥይትን ትንፋሽ ነው። ቃል የለም፣ ምት የለም። አንድ ሰው አየር ይስባል። እንደገና ይስባል። እንደገና። የሚያስወጣበት ቦታ የለም፤ መሳብ ብቻ። መጀመሪያ ላይ አበባ እንደሚያሸት ሰው ነው፤ ቀላል፣ አጭር። ትንሽ ቆይቶ ጨርቅ ሲቀደድ ይመስላል። እየቆየ ደግሞ ጠጠር ላይ የሚጎተት በር ሆነ፣ ከሥሩም ቀጭን ፉጨት አለ፤ ከሩቅ የሚጠራ ሰው የመሰለ። አራት ደቂቃ ያህል ሄዶ አንዲት ረጅም ሳበና ቆመ። ክሩ ከጥቅሉ ወጥቶ ጫፉ ብቻ ታክ ታክ ይላል። ምላጭ እጁን ዘርግቶ ማጥፋት አቃተው።

ደብተሩን ገለጠ። የገዛ እጅ ጽሑፉ ነው። መጀመሪያ የተቀዳው ዘፈን፤ ሰባት፣ ሰባት፣ ስምንት፣ ሰባት። አራተኛው፤ አሥራ አንድ፣ አሥራ ሁለት፣ አሥራ ሁለት። ሰባተኛው፤ አሥራ አምስት፣ አሥራ ስድስት። ዘጠነኛውና የመጨረሻው፤ አሥራ ስምንት፣ አሥራ ስምንት፣ አሥራ ዘጠኝ። ከሥሩ ለብቻዋ፤ ሃያ አንድ። ሰባት ወር ሙሉ፣ እሑድ እሑድ ከሰዓት፣ የሰውን በሽታ በሴንቲ ሜትር ሲመዘግብ ከርሞ አንድ ቀን እንኳ አላነበበውም።

ሃያ አንዷን አስታወሳት። የመጨረሻው ቀን ነበር። ጥይት ግድግዳ ተደግፎ ወለሉ ላይ ቁጭ ብሏል።

"ምላጭ፣ ይቺን የመጨረሻዋን ተዋት።"

"የቷን?"

"ትንፋሼን። ትግባ።"

"ቆሻሻ እኮ ናት ወንድሜ።"

"ትሁን፣ የኔ ቆሻሻ ናት" ብሎ ሳቀ፤ ሳቁ ወደ ሳል ዞረበትና እያሳለ ወጣ። ምላጭ ቀልድ መሰለው። በሩ ሲዘጋ ቆረጣት።

ከስምንት ወር በኋላ ጥይት ሞተ። መጠጥ ነው አሉ። ምላጭም መጠጥ ነው አለ።

ሁለተኛውን ጥቅል፣ ዋናውን፣ እስከ መጨረሻው አደመጠ። ሃያ አራት ዓመት ስንፍና ሲለው የኖረው ነገር አሁን ሌላ ሆኖ ታየው። በመጀመሪያው ዘፈን ጥይት የጥንቱ ጥይት ነው፤ ስንኙ እንደ ጅረት ይወርዳል። በአራተኛው በስምንት ቃል ይቆማል። በሰባተኛው በአምስት። ስንኙ ያጠረው ችሎታው አልቆ አይደለም፤ በቀረችው አየር ልክ እየሰፋው ነው። አጎቴም አልነጠቀውም። ጥይት መሃል ላይ ሲቆም አጎቴ የወደቀውን ጭነት ከሥር እንደሚቀበል ሰው ነው ስንኙን የሚያነሣው። አራተኛው ዘፈን ላይ ደግሞ ያኔ ሰው ሁሉ ጉራ ነው ብሎ የሳቀበት ስንኝ አለ፤

ነጭ ለብሻለሁ ሠርግ ሳይጠራኝ፣
ሽበት አብቅያለሁ ዕድሜ ሳይመራኝ።

ምላጭ ይቺን ስንኝ ሦስት ጊዜ መልሶ ሰማት። ከበላይ፣ ከበረንዳው፣ ሚስቱ የልጅቷን የትናንት ጃኬት ስትደበድብ ይሰማል።

በማግስቱ አጎቴን ፍለጋ ሄደ። አጎቴ መንጃ ፈቃድ ለሚፈልጉ ሰዎች መኪና ያስተምራል። ተማሪው ወርዶ ስለነበር ምላጭ በአሽከርካሪው ወንበር ተቀመጠ፤ አጎቴ እንደ ልማዱ ከጎን። ፀጉሩ ሸሽቷል፣ ድምፁ ግን ያው ነው።

"መጣህ" አለ አጎቴ፣ ወደፊት እያየ። "ሽማግሌ ትልክብኛለህ ብዬ ጠብቄ ጠብቄ አረጀሁ።"

"ጥይት ምን ነበር ሥራው? ከዘፈኑ ሌላ።"

"አሁን ነው የምትጠይቀኝ?"

"አሁን ነው።"

አጎቴ የመኪናውን መስታወት ዝቅ አደረገ። "ድንጋይ ቆራጭ ነበር። ስድስት ዓመት፣ ደረቁን፣ ያለ ውሃ። እኔ የዚያው ቤት የጭነት መኪና ሾፌር ነበርኩ፤ እሱ ውስጥ እኔ ውጭ። በሬ ካራጁ ይውላል ይላሉ፤ የኛ ግን አንዱ በሬ ብቻ ነው ካራጁ የዋለው። ሲብስበት ሐኪም ቤት የወሰድኩት እኔ ነኝ። ሐኪሙ ራጁን ወደ መስኮቱ ከፍ አድርጎ አየና፣ የገባው አቧራ ሳንባውን አጠጥሮታል አለ።"

"መጠጥ ነው ሲባል ዝም አልክ?"

"አስምሎኛል። 'ሲያዝኑልኝ ከምሰማ ሰነፈ ይበሉኝ' አለ። 'ዘፈኑን ቶሎ እንጨርስ፣ ሲያቅተኝ አንሣልኝ' አለ። አነሣሁለት፤ አላናግር አለው ተባልኩ። እሺ። አንዲት ነገር ግን ፈልጎ ነበር። 'አንዷን ትንፋሼን ይስሟት፣ ጆሮ ያለው ይገባዋል' ብሎኛል። ካሴቱ ሲወጣ እስከ መጨረሻው አደመጥኩ። የለችም።" አሁን ዞሮ አየው። "ሃያ አራት ዓመት ደጅህን ያልረገጥኩት ለምን ይመስልሃል?"

ምላጭ መሪውን በሁለት እጁ ያዘ።

"ቆርጬ አልጣልኳትም" አለ። "ቆርጬ አስቀመጥኳት።"

አጎቴ "ሞተሩን አጥፋ፣ ነዳጅ ታቃጥልብኛለህ" አለና ፊቱን ወደ መስኮቱ አዞረ።

ምላጭ ሱቁ ሲደርስ ገና ብርሃን ነበር። ልጅቷ ከሥራ መጣች። ሰላም ልትለው ጎራ ብላ በሩ ላይ ቆመች፤ ፀጉሯ ነጭ፣ ቅንድቧ ነጭ፣ ጃኬቷ ነጭ። እንደ ሙሽራ፣ እንደ አሮጊት። ምላጭ የያዘውን መፍቻ ቀስ ብሎ አስቀመጠው።

"ምነው አባዬ፣ ጅን ያየህ መሰልክ።"

"ነይ ቁጭ በይ። ይቺን ቴፕ ልሞክራት ነው፤ ድምፅ ስጪኝ።"

ሩብ ሰዓት አሳረፋት፤ ውሃ ሰጣት፣ የሆነ ያልሆነውን ጠየቃት። ከዚያ ማይኩ ፊት አስቀምጦ አሮጌ ጋዜጣ ሰጣት። ልጅቷ የማስታወቂያውን ገጽ ማንበብ ጀመረች። "ጥቂት ያገለገለ ማቀዝቀዣ... ሞግዚት እንፈልጋለን፣ ፀባየ ሸጋ የሆነች... አባዬ፣ ይሄ የማን ጋዜጣ ነው፣ ሞግዚቷ እራሷ እስካሁን አያት ሆናለች።" እናቷ የተሰፋ ሸሚዝ ይዛ ወረደች። ምላጭ እሷንም አስቀመጣት። እናት ጉሮሮዋን ጠርጋ፣ አንገቷን ሰብቃ፣ እንደ ዜና አንባቢ "ጥቂት ያገለገለ ማቀዝቀዣ" ስትል ልጅቷ በሳቅ ሞተች፤ ሳቁም በሳል አለቀ።

ሁለቱ ወደ ላይ ሲወጡ ምላጭ ክሩን በእጁ እየጎተተ ትንፋሽ ትንፋሹን ፈልጎ በእርሳስ ምልክት አደረገ፣ ማስመሪያውን አወጣ። የሃምሳ ሦስት ዓመቷ እናት፤ ሰባት፣ ስድስት፣ ሰባት። የሃያ ስድስት ዓመቷ ልጅ፤ አሥራ አንድ፣ አሥራ ሁለት፣ አሥራ ሁለት።

ደብተሩን መግለጥ አላስፈለገውም፤ ግን ገለጠው። አራተኛው ዘፈን።

በማግስቱ ልጅቷ ለምሳ ስትመጣ፣ ሦስቱም ማዕድ ላይ እንዳሉ ነገራት። እንዴት እንደሚጀምር ስላላወቀ ከመሃል ጀመረ። "መቁረጫው ላይ ውሃ አለ?"

"ውሃማ አለ። ግን ሥራ ያጓትታል፤ በውሃ ሲሆን ምልክቱ ይጠፋል። ደረቁን ነው የምንቆርጠው።"

"አፍሽን በምን ትሸፍኛለሽ?"

"በሻርፔ። ምን ሆነሃል አባዬ?"

"ከዚያ ቤት ውጪ። ሐኪም ጋ እንሂድ።"

ልጅቷ ማንኪያዋን አስቀመጠች። "በመጪው ወር አለቃ እሆናለሁ። ስድስት ወንዶች ሊታዘዙልኝ ነው። አሁን ውጪ?"

"ትናንት ትንፋሽሽን ለካሁት።"

"በምን?"

"በማስመሪያ።"

እናትና ልጅ ተያዩ። "በማስመሪያ የሚመረምር ሐኪም በዓለም ላይ አንተ ብቻ ነህ" አለች ልጅቷ። "የኔ ቁመት ስንት ሆነ ታዲያ? ሸሚዝ ይወጣኛል?"

እናትየዋ መሳቅ ጀምራ የባሏን ፊት ስታይ ተወችው። ምላጭ ወደ ሱቁ ወርዶ ቴፑን አቅፎ ተመለሰ፤ ሃያ ሁለቱን እርከን። ምግቡን ገፋ አድርጎ ማዕዱ ላይ አስቀመጠውና ጥራጊውን ከፈተ። ምን እንደሆነ አልነገራቸውም።

ጥይት አየር ይስባል። እንደገና። እንደገና። የሚሰፋው ዩኒፎርም ወንበር ላይ ተዘርግቷል፤ መንገድ ላይ ሰው ይጠራራል። እናትየዋ እጇን አፏ ላይ አደረገች። ልጅቷ መጀመሪያ ግንባሯን ቋጠረች። ጨርቅ የሚቀደድ የሚመስለው ቦታ ሲደርስ ግን እጇ ሳታስበው ወደ ደረቷ ሄደ፤ ከሷ ውስጥ የሚመጣ ይመስል። እስከ መጨረሻው አደመጠች። ሃያ አንዷ ተስባ ስታልቅ ክፍሉ ውስጥ ማንም ቶሎ አልተነፈሰም።

"ማነው?" አለች።

"ድንጋይ ቆራጭ ነበር። ይዘፍንም ነበር።"

"እኔ የትኛው ጋ ነኝ?"

"አራተኛው ዘፈን ላይ።"

"ስንት ዘፈን ነው ያለው?"

ምላጭ ሊዋሽ ፈለገ፤ አልቻለም። "ዘጠኝ" አለ።

ልጅቷ የአንገቷን ቁልፍ በጣቷ እያዞረች ቆየች። ከዚያ "ነገ ጠዋት ፈቃድ እጠይቃለሁ" አለች። ምላጭ ያን ቀን ሲጸልይ ምስጋናው ጠፋበት። ልመና ብቻ።

ሐኪሟ ወጣት ሴት ናት። ራጁን ብርሃኑ ላይ ሰቅላ በብዕሯ ጫፍ ነጫጭ ነጠብጣቦች አሳየቻቸው፤ ዱቄት የተነሰነሰበት የመሰለ ነገር። "ጀምሯል" አለች። "ገና ትንሽ ነው። የገባው አይወጣም፤ ያንን አልደብቅሽም። ካልተጨመረበት ግን ባለበት ሊቆም ይችላል። ከዛሬ ጀምሮ ያንን ክፍል እንዳትረግጪው፣ በየስድስት ወሩም እንተያያለን። ሰው እንዲህ በጊዜ አይመጣልኝም። ማን ነው የላካችሁ?"

"አንድ ዘፋኝ" አለች ልጅቷ።

ከሥራዋ ለመሰናበት ስትሄድ የድንጋይ ቤቱ ባለቤት ስንፍና ነው አላት። ልጅቷ አልተቀየመችም፤ ስንፍና የተባለ ሌላ ሰው እንዳለ ታውቃለች። ለስድስቱ ወንዶች ግን አንድ በአንድ ነገረቻቸው። አራቱ ሳቁባት። ሁለቱ ራጅ ተነሡ፤ የአንደኛው ከሷ የባሰ ነበር። የሱን ስታወራ አባቷን አታይም።

ምላጭ በበኩሉ ሥራ ያዘ። ደብተሩን ፊቱ ዘርግቶ ባዶውን ክር እያወጣ ትንፋሹን ወደየቦታው መለሰ። ሰባቷን በሰባቷ፣ አሥራ ሁለቷን በአሥራ ሁለቷ። ያን ጊዜ እንደ ቀልድ የቆረጠውን አሁን ለመመለስ አሥራ አንድ ቀን ፈጀበት፤ ዓይኑ እንደ ድሮው አይደለም። ከምቱ ጋር እንደገና አዋሕዶ ለሬዲዮዋ ሴት ሲሰጣት "ይኸውልሽ፣ ያኔ ያልሰማሽው" አላት።

ፕሮግራሙ የተላለፈው እሑድ እኩለ ቀን ላይ ነው። ሱቁ ውስጥ ሚስቱ፣ ልጁና አጎቴ ነበሩ። አዎ፣ አጎቴ መጥቷል፤ ሳይጠራ፣ ሙዝ ይዞ። የሬዲዮዋ ሴት መጀመሪያ አሮጌውን ካሴት ትንሽ አሰማች፤ ከዚያ አዲሱን። የመጨረሻው ዘፈን መጨረሻ ላይ ሲደርስ ሁለቱ በሬዎች እየተቀባበሉ ነበር፤

ቀስ በል በሬ፣
መሬቱ ብዙ፣
ቀኑ አንድ።
ቀስ በል በሬ፣
ጓደኛህ ደክሟል፣
ቀንበሩ ከባድ።

ምቱ ቆመ። ሃያ አንዷ መጣች፤ ጠጠር ላይ የሚጎተተው በር፣ ቀጭኑ ፉጨት። አጎቴ ዓይኑን ጨፈነ። "እሷ ናት" አለ በሹክሹክታ። "ይኸው ገባች።"

ከሬዲዮው ሴትየዋ "አሥራ ሦስት ዓመቴ ላይ የፈራሁት ምን እንደሆነ አሁን ገባኝ" አለች። "ሰው መተንፈስ ያለበት ቦታ ሁሉ ጸጥታ ነበር። ሁለት የሞቱ ሰዎች የሚያወሩ መስሎኝ ነበር። አልበሙ አልደከመም ነበር፤ የደከመ ሰው ነበረበት፣ እኛ ያንን እንዳንሰማ ተደርጎ ነው የደረሰን።" የምላጭን ስም አላነሳችም። ብታነሳው ይሻለው ነበር፤ ከንግግሯ በኋላ ለአድማጮች ስልክ ሲከፈት ግን መጀመሪያ የደወለው ሰው ስለ ዘፈኑ አልነበረም የጠየቀው። ግንበኛ ነኝ አለ። እንዲህ ያለ ትንፋሽ የሚታየው የት ሐኪም ቤት እንደሆነ ይነግሩኛል ወይ አለ። ከሱ ቀጥሎ አንዲት ሴት፣ ስለ ባሏ። ከዚያ ሌላ። ምላጭ አንገቱን ደፍቶ ከንፈሩን ሲያንቀሳቅስ ሚስቱ አየችው፤ ምስጋናው ተመልሶለት ነበር።

ስድስት ወር ሲሞላ ልጅቷ ከሐኪሟ ተመልሳ ሱቁ ገባች። አሁን ከእናቷ ጋር ትሰፋለች፤ ቀጥ ያለው እጇ ጨርቅም ይቆርጣል። ሐኪሟ ያለችውን ከነገረችው በኋላ ያንኑ አሮጌ ጋዜጣ ከመደርደሪያው አነሣች።

"የማስመሪያህን ደግሞ እንስማ" አለች፣ ማይኩን ወደ አፏ እየጎተተች። "ጥቂት ያገለገለ ማቀዝቀዣ..."

ምላጭ ክሩን ጎትቶ ምልክት አድርጎ ማስመሪያውን ዘረጋ። ጊዜ ወሰደ።

"ቀነሰ?"

"አልቀነሰም።"

"ጨመረ?"

"አልጨመረም። አሥራ ሁለት ነው።"

"ሐኪሟም እንደዚያው ነው ያለችው። ማስመሪያህ ተምሯል" ብላ ራሱን ሳም አድርጋው ወጣች።

ምላጭ ቁጥሩን ደብተሩ ላይ፣ ከሃያ አንዷ ሥር ሌላ መስመር አስምሮ ጻፈ። ከላይ እርምጃዋን እየሰማ ነበር። ስምንት፣ ዘጠኝ፣ አሥር፣ አሥራ አንድ። ቆመች። ቁልፍ አልተንቀጫቀጨም።

"እያረፍኩ ነው አባዬ" አለች ከላይ፣ ጮክ ብላ።

"ዕረፊ እናቴ" አላት። እስክትቀጥል ጠበቀ።

ከዚያ አሥራ ሁለተኛው እርከን ተሰማ።